የኮምፔንሳቶ አምራቾች በአቪዬሽን ጅማሮ የነበራቸው ድርሻ

የሰማይ ታሪክ (ክሩን የከፈተ)

ሰላም ለመድረኩ አባላት፤

ስለ አውሮፕላን አጀማመር በቋንቋችን የምናነበው ጽሑፍ ከሞላ ጎደል ስለ አብራሪዎች፣ ስለ ሞተር ሠሪዎችና ስለ ነዳፊዎች የሚናገር ነው። አውሮፕላኑ የታነጸበትን ቁስ ያዘጋጀው ሰው ግን ስሙ አይነሣም። በዚህ ክር ላነሣው የምፈልገው ያንን ሰው ነው፤ ይኸውም ስስ የእንጨት ልጣጮችን እያነባበረ ኮምፔንሳቶ የሚያመርተውን ባለሙያ ነው። ዓመታቱንና ወራቱን ሁሉ የምጽፈው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆኑን አስቀድሜ አሳውቃለሁ።

እስከ 1910 ገደማ የነበረው የአውሮፕላን ገላ አራት ረጃጅም ቀጫጭን እንጨቶች በአግዳሚዎች ተያይዘው፣ በሽቦ ተወጥረው፣ ከላይ ጨርቅ የሚለብሱበት ሣጥን መሰል አጽም ነበር። ጨርቁ ነፋስን ይከላከላል እንጂ ሸክም አይሸከምም፤ ሸክሙ ሁሉ በእንጨቱና በሽቦው ላይ ነው። ሽቦው በላላ ቁጥር መካኒኩ እየዞረ ማጥበቅ ነበረበት። ኮምፔንሳቶ ሲመጣ ቆዳው ራሱ ሸክም ተሸካሚ ሆነ፤ ብዙው የውስጥ ሽቦም ቀረ። ይህ ለውጥ የመጣው ግን ስለ በረራ ያስቡ ከነበሩ ሰዎች ብቻ አይደለም።

የእኔ መነሻ ሳሙኤል ሳውንደርስ የተባለ እንግሊዛዊ ጀልባ ሠሪ ነው። ሳውንደርስ በቴምዝ ወንዝ ዳር በጎሪንግ ይሠራ በነበረበት ጊዜ፣ በ1898 «ኮንሱታ» የተሰኘ አሠራር የፈጠራ መብት አስመዘገበ። ቃሉ ላቲን ሲሆን ትርጓሜው «በአንድነት የተሰፋ» ማለት ነው። አራት ስስ የማሆጋኒ ልጣጮች አንዱ በሌላው ላይ ይደረደራሉ፤ በመካከላቸው ውኃ እንዳያስገባ ተደርጎ የተዘጋጀ ጨርቅ ይገባል፤ ከዚያም ሁሉም እንደ ልብስ በአንድነት በመዳብ ሽቦ ይሰፋሉ። በዚህ ዘዴ የተሠራችው የመጀመሪያዪቱ የእንፋሎት ጀልባ ራሷ ኮንሱታ ተባለች። በሄንሊ የቀዘፋ ውድድር ዳኞችን ይዛ ቀዛፊዎቹን የምትከተል ስለነበረች፣ ፈጣንና ቀላል መሆን፣ ውኃውንም እንዳታናውጥ መጠንቀቅ ነበረባት። አውሮፕላን የሚፈልገውም ይህንኑ ነው፤ ቀላል፣ ጠንካራና ውኃ የማያሸንፈው ገላ።

ሳውንደርስ በኋላ ሥራውን በዋይት ደሴት ወደምትገኘው ካውስ አዛወረ። የእንግሊዝ ባሕር ኃይል ቪከርስ የተባለው ድርጅት በባሮው ከተማ እንዲሠራለት ያዘዘው የመጀመሪያው ግዙፍ የአየር መርከብ (በቀላል ጋዝ ተሞልቶ በአየር የሚንሳፈፍ)፣ በተለምዶ «ሜይፍላይ» የሚባለው፣ በ1911 ሲጠናቀቅ ሰዎችና ሞተሮች የሚቀመጡባቸው ሁለቱ ጎንዶላዎች ከኮንሱታ ተሠሩ፤ መርከቡ በውኃ ላይ የሚያርፍ ስለነበረ ጎንዶላዎቹ መንሳፈፍ ነበረባቸው። መርከቡ በዚያው ዓመት መስከረም ወር ከመጠለያው ሲወጣ ከመካከሉ ተሰብሮ ሳይበር ቀረ፤ የተሰበረው ግን የብረት አጽሙ ነው። ቀጥሎ የመጣው ሶፕዊዝ የተባለው የእንግሊዝ አውሮፕላን ሠሪ ያወጣው «ባት ቦት» ነው። በ1913 የወጣው ይህ በራሪ ጀልባ ገላው በሳውንደርስ እጅ በኮንሱታ ዘዴ የተሠራ ሲሆን፣ በየብስም በውኃም እንዲያርፍ ተሽከርካሪ እግር ተጨምሮለት ሃሪ ሃውከር በዚያው ዓመት ሐምሌ ወር የሞርቲመር ሲንገርን የ500 ፓውንድ ሽልማት አሸነፈበት።

የእኔ አቋም ይህ ነው፤ ያለ ሳውንደርስ ሶፕዊዝ ከባሕር ላይ የሚነሣ አውሮፕላን ሊኖረው አይችልም ነበር፤ ስለዚህ የሳውንደርስ ስም ከሞተር ሠሪዎቹ ስም ጎን መቀመጥ ይገባዋል። ሐሳባችሁን እጠብቃለሁ።

---

የጉለሌው አናጢ

የከፈቱትን ርእስ በደስታ አነበብሁት። ከሠላሳ ዓመት በላይ በእንጨት ሥራ ኖሬአለሁ፤ ኮምፔንሳቶ በየቀኑ በእጄ ያልፋል፤ በሰማይ እንደበረረ ግን አስቤው አላውቅም ነበር።

አንድ ነገር አልገባኝምና ልጠይቅ። ሳውንደርስ ለምን መስፋት አስፈለገው? እኛ ኮላ ቀብተን በሞርሳ አስረን እናሳድራለን፤ ጠዋት እንደ አንድ እንጨት ሆኖ እናገኘዋለን። መስፋት ልጣጩን መብሳት ነው፤ ልጣጭ በተበሳ ቁጥር ደግሞ የሚዳከም ይመስለኛል። የዘመኑ ኮላ የማይታመን ነበር ማለት ነው?

ይህን የምጠይቀው ያለ ምክንያት አይደለም። ከጥቂት ዓመታት በፊት ለአንድ ደንበኛ የወጥ ቤት ቁም ሣጥን ስሠራ፣ ውኃ አይነካውም ተብሎ የተሸጠልኝን ኮምፔንሳቶ ገዝቼ ተጠቀምሁ። አንድ ክረምት ሳያልፍ ከዕቃ ማጠቢያው በታች ያለው ክፍል አበጠ፤ ልጣጩም እንደ መጽሐፍ ገጽ ተገላለጠ። ሥራውን በራሴ ወጪ እንደገና ሠራሁት። በመሬት ላይ የቆመ ቁም ሣጥን እንዲህ ከሆነ፣ ሰው ተሸክሞ በዝናብ ውስጥ የሚበር ነገር እንዴት ታመነ?

---

የቁሳቁስ መሐንዲስ

ጋሽ አናጢ፣ የጠየቁት ጥያቄ የጉዳዩ ሁሉ እምብርት ስለሆነ ረዘም አድርጌ እመልሳለሁ።

በመጀመሪያ ስለ ልጣጩ። እንጨት በጅማቱ አቅጣጫ ሲጎተት ያለው ጥንካሬ ጅማቱን አቋርጦ ሲጎተት ካለው ከሃያ እጥፍ በላይ ይበልጣል። ማገዶ የፈለጠ ሰው ሁሉ ይህን በእጁ ያውቀዋል፤ ግንዱን በርዝመቱ የሚሰነጥቅ መጥረቢያ አግድም ሲመታ ይነክሳል እንጂ አይሰነጥቅም። ልጣጮቹ ጅማታቸው እየተሻገረ ሲጣበቁ የአንዱን ድካም የሌላው ብርታት ይሸፍነዋል። እኛ ከጣሊያንኛ የወሰድነው «ኮምፔንሳቶ» የሚለው ቃልም «የተካካሰ» ማለት ነውና ስሙ ነገሩን በትክክል ይገልጸዋል። እንጨት እርጥበት ሲጠጣና ሲደርቅ ይበልጡን የሚያብጠውና የሚኮማተረው በወርዱ ስለሆነ፣ የልጣጮቹ ቁጥር ኢተጋማሽ ሆኖ ሁለቱ የውጭ ፊቶች አንድ አቅጣጫ ካልያዙ ሉሁ ይጣመማል። ሦስት፣ አምስት፣ ሰባት የሚሆነው ለዚህ ነው።

አሁን ወደ ኮላው። በ1898 አናጢ ሁሉ የሚጠቀምበት ሙጫ ከእንስሳት ቆዳና አጥንት ተቀቅሎ የሚወጣው ነበር። ይህ ሙጫ በደረቅ ቦታ እጅግ ብርቱ ነው፤ ፒያኖና ቫዮሊን የተሠሩት በእርሱ ነው። ነገር ግን በሙቅ ውኃ ቀልጦ የሚቀባ ስለሆነ ውኃ ሲያገኘው ተመልሶ ይለሰልሳል። ሳውንደርስ ጀልባ ሠሪ ነውና በዚያ ሊታመን አልቻለም፤ ስለዚህ ልጣጮቹን የሚይዘውን ኃይል ለመዳብ ሽቦ ሰጠው። መብሳት ያዳክማል ያሉት እውነት ነው፤ ዋጋው ግን የታወቀና የማይለወጥ ነው፤ የሙጫው ድካም ግን መቼ እንደሚመጣ አይታወቅም።

ከዚያ በኋላ የአቪዬሽንን መንገድ የከፈቱት ሁለት ሙጫዎች ናቸው፤ አንዱ ከወተት፣ ሌላው ከደም። የወተቱ ኬዚን ይባላል፤ ስቡ ከወጣለት ወተት የሚረጋው እርጎ ታጥቦ፣ ደርቆና ተፈጭቶ ከኖራ ጋር ሲዋሐድ የሚገኝ ነው። በብርድ ይቀባል፤ በብርድ ይደርቃል፤ እርጥበትንም በደንብ ይቋቋማል፤ ለረጅም ጊዜ ውኃ ውስጥ ቢነከር ግን ይለሰልሳል፤ ሻጋታም ያገኘዋል። የደሙ አልቡሚን ነው፤ ከቄራ የተገኘ የእንስሳት ደም ደርቆ እንደገና በውኃ ይሟሟና በልጣጮቹ መካከል ይቀባል፤ ከዚያም ሉሁ በጋለ መጭመቂያ ውስጥ ከ70 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ ሲሞቅ፣ የዕንቁላል ነጭ በመጥበሻ ላይ እንደሚረጋው ይረጋል። የረጋ ዕንቁላል ተመልሶ እንደማይሟሟ ሁሉ ይህም ሙጫ በውኃ አይመለስም።

ከዚህ የሚከተለውን ነገር ልብ በሉልኝ። አልቡሚን የጋለ መጭመቂያ ይፈልጋል፤ መጭመቂያው ከባድና ውድ ስለሆነ የሚገኘው በፋብሪካ ብቻ ነው። ኬዚን ግን ተራ ሞርሳ ባለበት ሁሉ ይሠራል። ስለዚህ ሥራው በሙጫ ምክንያት ለሁለት ተከፈለ፤ ውኃ የሚቋቋመው ሉህ ከኮምፔንሳቶ ፋብሪካ ይመጣል፤ አውሮፕላን ሠሪው ደግሞ ቆርጦ በኬዚንና በትንንሽ ሚስማር ያገጣጥመዋል። አምራቹ የአቪዬሽን ባለድርሻ የሆነው እዚህ ላይ ነው።

በአሜሪካ የዚህ ሥራ አብነት ሄንሪ ሃስከል ነው። በሚሺጋን ግዛት በሉዲንግተን በደም አልቡሚን የተጣበቀ ኮምፔንሳቶ እየሠራ፣ ከአንድ ወጥ ሉህ የታጠፈ ታንኳ ለገበያ አቀረበ። ያንን ይዞ ያደገው ሃስከላይት የተባለው ድርጅት በግራንድ ራፒድስ ፋብሪካው በአንደኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ለአውሮፕላን የሚሆን ሉህ አመረተ። ሳውንደርስም ሃስከልም ከውኃ ተነሥተው ወደ አየር መድረሳቸው በአጋጣሚ የሆነ አይመስለኝም፤ እርጥበትን ያሸነፈ ቁስ ለሁለቱም ያገለግላልና። በ1910 በዊስኮንሲን ማዲሰን የተከፈተው የመንግሥት የደን ውጤቶች ላቦራቶሪም በጦርነቱ ዓመታት ሁለቱን ሙጫዎች በስፋት መረመረ፤ የተጣበቀውን ናሙና ለሰዓታት እየቀቀሉ ወይም ለቀናት በውኃ እየነከሩ ልጣጩ መላቀቅ አለመላቀቁን ያዩ ነበር።

---

የፓሪስ ነዋሪ

የመሐንዲሱን ማብራሪያ በአክብሮት እቀበላለሁ፤ የክሩን ከፋች መደምደሚያ ግን ልቀበለው አልቻልሁም።

እውነተኛው ለውጥ የመጣው ከፋብሪካ ሉህ ሳይሆን ከነዳፊ እጅ ነው። በ1912 ሉዊ ቤሸሮ ለፈረንሳዩ የዴፐርዱሳን ድርጅት የነደፈው «ሞኖኮክ» አውሮፕላን አንድም የተገዛ የኮምፔንሳቶ ሉህ አልነበረበትም። ገላው የተሠራው በእንጨት ቅርጽ ማውጫ ላይ ስስ የቱሊፕ ዛፍ ልጣጮች ሦስት ጊዜ በሰያፍ እየተሻገሩ ተጣብቀው ነው፤ ቅርጽ ማውጫው ከወጣ በኋላ የቀረው እንደ ዕንቁላል ቅርፊት ባዶና ለስላሳ፣ ውፍረቱም ጥቂት ሚሊ ሜትር የሆነ ገላ ነበር። በዚያ ዓመት ዡል ቬድሪን በቺካጎ የጎርደን ቤኔትን የአውሮፕላን ፍጥነት ውድድር ዋንጫ ወሰደበት። በተከታዩ ዓመት በራንስ ሞሪስ ፕሬቮ በሰዓት ወደ 204 ኪሎ ሜትር በረረበት። በዚያው በ1913 በሞናኮ የመጀመሪያው የሽናይደር የባሕር አውሮፕላን ውድድር ዋንጫም የፕሬቮና የዴፐርዱሳን ሆነ።

በለቡርዤ ሙዚየም ይህን ዓይነት አውሮፕላን ቆሜ ተመልክቼዋለሁ። አንድ መጋጠሚያ እንኳ ከሩቅ አይታይም፤ ሌሎቹ የዘመኑ አውሮፕላኖች በሽቦ እንደተተበተቡ ሲታዩ ይህኛው ከውኃ የወጣ ዓሣ ይመስላል። ሳውንደርስ ጥሩ ጀልባ ሠሪ ነበር፤ ነገር ግን «ያለ እርሱ አይሆንም ነበር» ማለት ቤሸሮን ሥራ አልባ ማድረግ ነው። ቅርጹንና ቁሱን በአንድነት ያሰበው ነዳፊው ነው። ቁሱ ብቻውን ምን ያደርጋል?

---

በሌኒንግራድ የተማረ

ከላይ ለተነሣው «ቁሱ ብቻውን ምን ያደርጋል» ለሚለው ጥያቄ የሚስማማ አንድ ታሪክ ላክል። በተማሪነቴ ዘመን በሞስኮ አቅራቢያ ወዳለው የሞኒኖ ሙዚየም ሄደን ኦግኔስላቭ ኮስቶቪች የሠራውን አሮጌ የቤንዚን ሞተር አሳይተውናል። ኮስቶቪች በትውልዱ ሰርብ ሲሆን በሩሲያ ኖሮ በ1880ዎቹ «አርቦሪት» የተባለ ውኃ የሚቋቋም ኮምፔንሳቶ ፈለሰፈ፤ በሴንት ፒተርስበርግ ፋብሪካ ከፍቶም በርሜልና ሣጥን የመሳሰሉ ዕቃዎችን ከእርሱ አመረተ። ዋና ሐሳቡ ግን «ሩሲያ» የተባለ የአየር መርከብ ከአርቦሪት መሥራት ነበር። ክፍሎቹ ተሠርተው ሳለ ገንዘብ አልቆ መርከቡ ሳይገጣጠም ቀረ።

እንግዲህ ቁሱም፣ ነዳፊውም፣ ሞተሩም በአንድ ሰው እጅ ነበሩ፤ ሆኖም አልበረረም። የጎደለው ገንዘብና ገዢ ነበር።

---

የሰማይ ታሪክ

የፓሪሱን ወንድሜን አመሰግናለሁ፤ «ያለ ሳውንደርስ አይችልም ነበር» ያልሁት ከልክ ያለፈ አነጋገር ስለሆነ አነሣዋለሁ። ሶፕዊዝ ሌላ ጀልባ ሠሪ ሊያገኝ ይችል ነበር። የዴፐርዱሳን ገላም እንዳሉት ከፋብሪካ ሉህ አልተሠራም።

ነገር ግን የቤሸሮን መንገድ እስከ መጨረሻው እንከተለው። ያ ገላ ውብ ነበር፤ ሆኖም እያንዳንዱ ልጣጭ በሠለጠነ እጅ በቅርጽ ማውጫው ላይ ተቀርጾ፣ ተጣብቆ፣ ተስተካክሎ ነው የሚያልቀው። ለውድድር የሚሆኑ ጥቂት አውሮፕላኖችን ለመሥራት ይህ ይበቃል። የዴፐርዱሳን ድርጅት ባለቤት በ1913 በማጭበርበር ተከሶ ሲታሰር ድርጅቱ ስፓድ ተብሎ እንደገና ቆመ፤ በጦርነቱ ጊዜ በብዛት የተመረቱት የቤሸሮ የስፓድ ተዋጊዎች ግን ወደ አጽምና ጨርቅ ተመልሰው ነበር። ነዳፊው ያው ቤሸሮ ነው፤ ሐሳቡም አልጠፋበትም። የከለከለው የአሠራሩ ዝግታ ነው ብዬ አምናለሁ።

በሌላ በኩል ጀርመኖቹን እንመልከት። ሮበርት ቴለንና ባልደረቦቹ የነደፉት የአልባትሮስ ተዋጊ በ1916 ሲወጣ ገላው በኮምፔንሳቶ የተሸፈነ ነበር፤ ነገር ግን በቅርጽ ማውጫ አልተቀረጸም። ከፋብሪካ የመጣው ሉህ በልክ እየተቆረጠ በቀላል የእንጨት አጽም ላይ በሙጫና በሚስማር ተለበጠ። ቆዳው ሸክሙን ስለሚጋራ የውስጥ ሽቦ አላስፈለገም። ይህን ሥራ የቤት ዕቃ የሚሠራ ተራ አናጢ ሊማረው ይችላል፤ አውሮፕላኑም በሺዎች ተመረተ። ቤሸሮ ያሰበውን ቅርፊት ቴለን ሉህ ቆራጭ በሆነ ሠራተኛ እጅ አስገኘው እላለሁ፤ ይህንንም ያስቻለው ሉሁ ከፋብሪካ አንድ ዓይነት ውፍረት፣ አንድ ዓይነት ጥራት ይዞ መውጣቱ ነው።

ስለዚህ አቋሜን እንዲህ አስተካክላለሁ፤ ኮምፔንሳቶ አምራቹ አውሮፕላንን አልፈለሰፈም፤ አውሮፕላን ከአንድ ብርቅ ዕቃነት ወደ ፋብሪካ ምርትነት ሲሻገር ግን ድልድዩ እርሱ ነበር። ሳውንደርስም በዚህ መንገድ እስከ 1920ዎቹ ቀጥሏል፤ ለቪከርስ «ቫይኪንግ» እና በ1921 ለበረረው ትልቁ «ቫሌንሺያ» በራሪ ጀልባ ገላቸውን በኮንሱታ ሠርቷል።

---

የፓሪስ ነዋሪ

በዚህ መልክ ከተነገረ እስማማለሁ። አንድ ነገር ብቻ ልጨምር፤ የቅርጽ ማውጫው መንገድ በአሜሪካ መፍትሔ አግኝቷል። ወንድማማቾቹ ሎክሂዶች ከጃክ ኖርዝሮፕና ከአንተኒ ስታድልማን ጋር በ1920 አካባቢ የገላውን ግማሽ በኮንክሪት ገንዳ ውስጥ መሥራት ጀመሩ፤ በኬዚን የተቀቡ ልጣጮች በገንዳው ውስጥ ይነጠፋሉ፤ ከላይ የጎማ ከረጢት ይገባና ክዳኑ ታስሮ ከረጢቱ በአየር ይነፋል፤ አየሩ ልጣጮቹን በሁሉም አቅጣጫ እኩል ይጫናቸዋል። በ1927 የወጣው ሎክሂድ «ቬጋ» የተሠራው እንዲህ ነው። ዋይሊ ፖስት በ1931 እና በ1933 ዓለምን የዞረበት፣ አሜሊያ ኤርሃርት በ1932 አትላንቲክን ብቻዋን ያቋረጠችበት አውሮፕላን ይኸው ቬጋ ነው።

---

የአደጋ ምርመራ አንባቢ

እስካሁን የተጻፈው ስለ ስኬት ስለሆነ፣ ሙጫው የከዳበትን ጊዜ ማንሣት ግዴታ መስሎ ታየኝ። ጋሽ አናጢ «እንዴት ታመነ?» ብለው ለጠየቁት መልሱ፣ አንዳንድ ጊዜ መታመን አልነበረበትም የሚል ነው።

በነሐሴ 1918 የፎከር ኩባንያ «ኢ አምስት» የተባለ ባለ አንድ ክንፍ ተዋጊ ለጀርመን ጦር አቀረበ። ክንፉ ያለ ምንም የውጭ ሽቦ ራሱን ችሎ የሚቆም፣ ውስጡ የእንጨት ወጋግራ፣ ላዩ ሙሉ በሙሉ ኮምፔንሳቶ ነበር። የተሠራውም በሽቬሪን ከተማ በፔርዚና የፒያኖ ፋብሪካ ነው። አብራሪው ኤሚል ሮልፍ በአውሮፕላኑ የመጀመሪያውን ድል ካስመዘገበ ከሁለት ቀን በኋላ ክንፉ በአየር ላይ ተሰብሮ ሞተ፤ ሌሎችም ተመሳሳይ አደጋ ደረሰባቸው። ምርመራው ያገኘው የንድፍ ስሕተት አልነበረም። ደካማ ወጋግራ፣ በእርጥበት የተበላሸ የሙጫ መጋጠሚያ፣ እንጨቱን ከመያዝ ይልቅ የሰነጠቁ ሚስማሮች ናቸው የተገኙት። ሥራው ታግዶ፣ ጥራቱ ተስተካክሎ፣ አውሮፕላኑ በሌላ ስም «ዲ ስምንት» ተብሎ ተመለሰ።

ከአሥራ ሦስት ዓመት በኋላ ያው ችግር በመንገደኛ አውሮፕላን ላይ ተደገመ። መጋቢት 31 ቀን 1931 በካንሳስ ግዛት ፎከር ኤፍ አሥር የተባለ ባለ ሦስት ሞተር አውሮፕላን ክንፉ ተገንጥሎ ወደቀ፤ በውስጡ የነበሩት ስምንቱም ሰዎች ሞቱ። ከእነርሱ አንዱ በአሜሪካ እጅግ ታዋቂ የነበረው የአሜሪካን ፉትቦል አሠልጣኝ ክኑት ሮክኒ ስለነበረ ሐዘኑ ሀገር አቀፍ ሆነ። በኮምፔንሳቶ በተሸፈነው ክንፍ ውስጥ የገባ እርጥበት ሙጫውን አዳክሞት እንደነበር ታመነ። ከሁሉ የከፋው ነገር ጉዳቱ የማይታይ መሆኑ ነው። በአጽምና በጨርቅ የተሠራ ክንፍ ጨርቁ ተገልጦ ይታያል፤ ብረት ሲዝግ ወይም ሲሰነጠቅ ምልክት ይሰጣል። የተለበጠ ክንፍ ግን ቆዳው ካልተገፈፈ ውስጡ አይታይም፤ ቆዳውን መግፈፍ ደግሞ ክንፉን ማፍረስ ነው። ከዚያ በኋላ የተጠየቀው ምርመራ ለአየር መንገዶቹ ከባድ ወጪ ሆነ፤ ገበያውም በ1933 ወደ ወጡት የብረት አውሮፕላኖች፣ ወደ ቦይንግ 247 እና ወደ ዳግላስ አዘነበለ።

በሕይወታቸው ዋጋ የከፈሉት ተሳፋሪዎች ናቸውና የአምራቾቹን ክብር ስንጽፍ ይህንንም አብረን መጻፍ አለብን።

---

አዲስ አባል

ጽሑፎቻችሁ በጣም ጠቅመውኛል። ወደ ሀገራችን ከመጡት የመጀመሪያዎቹ አውሮፕላኖች መካከል ከእንጨት የተሠሩ ነበሩ?

---

የሰማይ ታሪክ

ነበሩ። በነሐሴ 1929 አዲስ አበባ ያረፈው የመጀመሪያው አውሮፕላን ፈረንሳይ ሠራሹ ፖቴዝ 25 በአመዛኙ የእንጨትና የጨርቅ ሥራ ነበር። ጥቂት ሳምንታት ቆይቶ የደረሰው የጀርመኑ ዩንከርስ ግን ቆዳው ሳይቀር የተሸበሸበ የአሉሚኒየም ቅይጥ ነው። ዓለም የተከራከረበት የእንጨትና የብረት ጥያቄ በአንድ ወር ጊዜ ውስጥ በአንድ ሜዳ ላይ ጎን ለጎን ቆሞ ነበር ማለት ይቻላል። በኋላም በንጉሠ ነገሥቱ አየር ኃይል ውስጥ አንድ ፎከር ኤፍ ሰባት ነበረ፤ ክንፉም ከላይ በተጠቀሰው የፎከር ዘዴ በኮምፔንሳቶ የተለበጠ ነው።

---

የቁሳቁስ መሐንዲስ

ስለ አደጋዎቹ የተጻፈው ትክክል ነው፤ የሚቀረው የመጨረሻው ምዕራፍ ብቻ ስለሆነ በአጭሩ ልጥቀስ። በ1930ዎቹ ከፌኖልና ከፎርማልዴሃይድ የሚሠሩ ሙጫዎች ለአውሮፕላን ኮምፔንሳቶ መዋል ሲጀምሩ ውኃም ሻጋታም የማያሸንፈው ሉህ ተገኘ፤ ነገር ግን ያኔ አየር መንገዶቹ ፊታቸውን ወደ ብረት አዙረው ነበር። በ1940 የበረረው የዴ ሃቪላንድ «ሞስኪቶ» እንኳ፣ ከበርች ኮምፔንሳቶና ከባልሳ የተሠራው፣ መጀመሪያ በኬዚን ነበር የተገጣጠመው፤ በሞቃትና እርጥብ አገሮች ችግር ሲገጥመው ነው ሙጫው ወደ ሰው ሠራሽ የተለወጠው።

---

የጉለሌው አናጢ

ይህን ክር ካነበብሁ በኋላ ዝም ብዬ ልቀመጥ አልቻልሁም፤ በሥራ ቤቴ የሠራሁትን ልንገራችሁ።

ከግራቪሊያ የተላጡ ስስ ልጣጮች ነበሩኝ፤ ከእነርሱ መዳፍ የሚያህሉ ባለ ሦስት ድርብ ናሙናዎች አዘጋጀሁ። የመጀመሪያውን ከሱቅ በገዛሁት ነጭ ኮላ አጣበቅሁት። ለሁለተኛው ቅቤው የወጣለትን አሬራ አስረግቼ፣ አይቡን ደጋግሜ አጥቤ፣ በደንብ አጥልዬ በጠፋ ኖራ ለወስሁት፤ እንደ ወፍራም አጥሚት የሚያጣብቅ ነገር ሆነ። መሐንዲሱ እንዳሉት በብርድ ይቀባል፤ ነገር ግን ቶሎ ስለሚጠነክር የተረፈውን ከሰዓት በኋላ ልጠቀምበት አልቻልሁም። ሦስተኛውን በነጩ ኮላ ካጣበቅሁ በኋላ ከተቃጠለ ሞተር ጥቅል በወሰድሁት የመዳብ ሽቦ ዙሪያውንና መካከሉን ሰፋሁት። ሦስቱንም ለአንድ ሳምንት አደረቅሁና በአንድ ባልዲ ውኃ ውስጥ ጨመርኋቸው።

የመጀመሪያው በማግስቱ ጠርዙ ተከፈተ፤ በሁለተኛው ቀን በጣቴ ገለጥሁት። የኬዚኑ አራት ቀን ሙሉ ጸና፤ በአምስተኛው ቀን አንዱ ማዕዘን መላቀቅ ጀመረ፤ ሽታውም ከባድ ነበር። የተሰፋው ኮላው እንደ መጀመሪያው ለስልሶ፣ በልጣጮቹ መካከል ነጭ ሆኖ ሲወጣ አየሁት፤ ልጣጮቹ ግን የትም አልሄዱም። ዛሬ አሥረኛ ቀኑ ነው፤ አሁንም ባልዲው ውስጥ ነው፤ ሳወጣውና ሳጥፈው በትንሹ ይንሸራተታል እንጂ አይለያይም።

ስለ ሳውንደርስ ያቀረብሁትን ጥያቄ የተሰፋው ናሙና ራሱ መለሰልኝ። አሁን ቀጥዬ ልሞክረው የምፈልገው፣ በኬዚን ተጣብቆ የተሰፋውን ነው፤ በልጣጮቹ መካከልም እንደ ሳውንደርስ ጨርቅ አስገብቼ። ጨርቁን ውኃ እንዳያስገባ በምን ላዘጋጀው እንደምችል የምታውቁ ካላችሁ ጻፉልኝ፤ እኔ ያሰብሁት ሰም ነው፤ ነገር ግን ሰም ኬዚኑን እንዳይዝ የሚከለክለው ይመስለኛል።

---

የቁሳቁስ መሐንዲስ

ጋሽ አናጢ፣ ሰሙን ይተዉት፤ እንደጠረጠሩት ሙጫው አይይዝበትም። በተልባ ዘይት የተነከረና ለሁለት ሳምንት ያህል በነፋስ በደንብ የደረቀ አቡጀዲ ይሞክሩ። ዘይቱ ሙሉ በሙሉ ካልደረቀ እርሱም ሙጫውን ያስለቅቃልና ሲነኩት የማይጣበቅ እስኪሆን ድረስ ይጠብቁ። ከሦስተኛው ናሙና ጋር በአንድ ባልዲ ቢያስቀምጡት ማነጻጸሪያ ይሆንልናል።